ጠብቆ ነው ላልቶ

ጋሽ መፍቻ አረንጓዴ የቀለም እርሳስ በደረት ኪሱ ሸጉጦ ወደ ቤቱ ሲገባ መጀመሪያ ያየው ብርጭቆውን ነበር። ጠዋት ወጥ ቤት ጠረጴዛ ላይ ውሃ ሞልቶ፣ ከወንዙ ዳር የቆረጣትን ቅርንጫፍ ሰክቶበት ነው የወጣው። አሁን ውሃው አለ፣ ቅርንጫፏ የለችም። ከብርጭቆው አጠገብ ጥቁር ጭማቂ የነካው ጎድጓዳ ሳህን ተቀምጧል። ከሳህኑ አጠገብ ደግሞ የእሱ ደብተር፣ ተከፍቶ።

ሚስቱ መስኮቱ ሥር ሆና ሬዲዮ ታዳምጣለች። ከንፈሯ ጠቁሯል።

«እዚህ የነበረው ፍሬ የት ሄደ?» አላት።

«ወደ ሆዴ» አለችው፣ ሬዲዮውን ዝቅ እያደረገች። «ጎምዘዝ፣ ጣፈጥ ይላል። አርባ ዓመት አብረን ስንኖር አንድ ቀን እንኳ ፍራፍሬ ይዞልኝ ገባ ብዬ ደስ ብሎኝ ነበር። ምነው፣ ለእንግዳ ነው እንዴ?»

«ማነው ብዪ ያለሽ?»

«አንተ ነሃ። ደብተሬን አንብቢልኝ እያልክ ስትነዘንዘኝ ከርመህ፣ ይኸው አነበብኩልህ።» በአገጯ ወደ ጠረጴዛው አመለከተችው። «ይበላል ይላል።»

‘በ’ን ጥብቅ አድርጋ ነበር ያነበበችው። ጋሽ መፍቻ ክው ብሎ ቀረ። እሱ የጻፈው እንዲያ አልነበረም። እሱ የጻፈው ‘በ’ን አላልቶ ነው፤ የሚበላውም ወፉ ነው።

ጋሽ መፍቻ ቧንቧ ሠራተኛ ነበር። ስሙን የሚያውቁት ጥቂቶች ናቸው፤ ከቧንቧ መፍቻው ተለይቶ ስለማይታይ የመሥሪያ ቤቱም የሰፈሩም ሰው በዚያው ጠርቶት ቀረ። ያልተማረ ሰው ነበር። ሠላሳ ዓመት ሙሉ ማታ ማታ የሥራ ማዘዣውን እያነበበች ነገ የት እንደሚሄድ የምትነግረው ሚስቱ ነበረች፤ እሷ ስምንተኛ ክፍል ደርሳለች። ጡረታ ከወጣ በኋላ፣ በስድሳ አንድ ዓመቱ፣ የቧንቧ ዕቃ በተጠቀለለበት አሮጌ ጋዜጣ ላይ ፊደል መልቀም ጀመረ። ለማንም አልነገረም። ለሷም አልነገራትም። ከዓመት በኋላ አንድ ቀን የመድኃኒቷን ካርቶን አንሥቶ «ከምግብ በኋላ» ብሎ ጮክ ብሎ ሲያነብ፣ ሚስቱ ብድግ ብላ ጓዳ ገባችና ለብዙ ጊዜ አልወጣችም።

ከዚያ በኋላ ያገኘውን ሁሉ ያነብ ጀመር። የሰፈሩ ቤተ መጻሕፍት በር ላይ የተለጠፈውን ማስታወቂያ ግን ከላይ እስከ ታች፣ ሳይደናቀፍ አነበበው። «የሰፈራችንን ተፈጥሮ እንወቅ» ይላል፤ ዐሥራ ሁለት ቅዳሜ፣ ነፃ ትምህርት፣ ዕድሜ አይጠየቅም። ጋሽ መፍቻም በሕይወቱ ያለማንም እርዳታ አንብቦ የጨረሰውን የመጀመሪያውን ማስታወቂያ መታዘዝ አለብኝ ብሎ ተመዘገበ።

ትምህርቱን ወደደው። ወጣቷ መምህርት ቅዳሜ ጠዋት በወንዙ ዳር ታዞራቸዋለች። የዛፍ ቅርፊት ይዳስሳሉ፣ የጉንዳን መንገድ ይከተላሉ፣ ወፍ ሲጮህ ዝም ብለው ቆመው ያዳምጣሉ። እሱ በዚያ ወንዝ ሥር የተቀበረውን ቧንቧ ሁሉ በልቡ ያውቀዋል፤ ከላዩ ምን እንደሚበቅል ግን አንድ ቀን እንኳ ቀና ብሎ አላየም ነበር። በትምህርቱ መጨረሻ እያንዳንዱ ተማሪ አንድ ተክል መርጦ፣ ያየውን ጽፎና ሥሎ ደብተሩን ለሰፈሩ ሕዝብ ያቀርባል። እሱ የመረጠው ወንዙ ዳር አጥር የሆነውን፣ አበባው ቢጫና ቀይ የሚደባለቅበትን ቁጥቋጦ ነው። ለምን እንደመረጠው ቢጠየቅ፣ አንድ ሥራውን አክባሪ ወፍ ስላለው ነው ይላል። ወፉ በየቀኑ በአንድ ሰዓት ይመጣል።

ጋሽ መፍቻ የሚጽፈው በትልልቁ ነው። ስለዚህ «ወፉ ጠዋት ይመጣል» ብሎ ሲጽፍ ገጹ አለቀበት። ቀጣዩን ገጽ ገልጦ፣ ከላይ፣ መሐል ለመሐል «ይበላል» ብሎ ጻፈ። ከሥሩ ያለውን ቦታ ለፍሬው ሥዕል ተወው።

ባለፈው ቅዳሜ መምህሯ ይህን ገጽ አየችው። ጎንበስ ብላ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ፣ «ጋሼ፣ ይቺ ቃል ጠብቃ ነው ላልታ የምትነበበው?» አለችው።

«ላልታ ነዋ።»

«እርስዎ ያውቃሉ። ገጹን ብቻ የሚያይ ሰው ግን አጥብቆ ቢያነባት፣ ፍሬው ለሰው ይሆናል ያሉ ይመስለዋል። አንድ ፊደል ይጨምሩበት፣ ‘ይበላዋል’ ይበሉት፣ ያልቃል።»

ነገሩ እዚያ ላይ ቢቆም ኖሮ ይጨምር ነበር። ግን ከኋላ የተቀመጠ ሌላ ተማሪ፣ የመጋዘን ጥበቃ፣ ጆሮው ረጅም ነው። «ጋሽ መፍቻ» አለ፣ «ዕድሜህን ሙሉ ስታጠብቅና ስታላላ ኖረህ፣ ፊደል ላይ ስትደርስ እጅህ ዛለ?»

ክፍሉ ሁሉ ሳቀ። መምህሯም ሳታስበው ፈገግ አለች። የጋሽ መፍቻ ጆሮው ጋለ።

«እኔ ያጠበቅሁት ቧንቧ እስከ ዛሬ አንጠባጥቦ አያውቅም» አለ። «የጻፍኩትን የጻፍኩ እኔ ነኝ።»

መምህሯ ነገር ሳታበዛ፣ ‘በ’ አናት ላይ በእርሳስ አንዲት ነጥብ አስቀምጣ አለፈች፤ የማጥበቂያ ምልክት አይደለም፣ ቆይቶ እንዲያስብበት ነው። እሱ ግን ቤቱ እንደገባ ላጲስ አንሥቶ ነጥቧን አጠፋት። አጥብቆ ስላሻት ወረቀቱ እዚያ ቦታ ላይ ሳሳ።

አሁን ያቺን የሳሳች ወረቀት እያየ ቆሟል።

«ምን ሆነሃል?» አለችው ሚስቱ። «ፊትህ አመድ መስሏል።»

«ተነሺ። ጤና ጣቢያ እንሂድ።»

«እኔ ምን ሆንኩና?»

«ለሰው እንደሚሆን አላውቅም» አላት። «ወፍ ሲበላው አይቼ ነው የጻፍኩት። ለሰው እንደሚሆን አላውቅም።»

ሚስቱ ልትቀልድ አፏን ከፈተች፤ ፊቱን አየችና መልሳ ዘጋችው። ነጠላ ጫማዋን በእግሯ ፈለገች።

ጤና ጣቢያው የሩብ ሰዓት የእግር መንገድ ነው። ግማሹ ላይ ሲደርሱ ሆዷን ያዘች። በሩ ላይ ሲደርሱ የአጥሩን ብረት ተደግፋ አስመለሳት። ጋሽ መፍቻ በአንድ እጁ ትከሻዋን፣ በሌላው ደብተሩን ይዞ ቆመ። ደብተሩን ለምን ይዞት እንደወጣ እሱም አያውቅም።

ነርሷ አልጋ ላይ አስተኝታት የደም ግፊቷን እየለካች፣ «ምንድነው የበሉት እማማ?» አለች። ጋሽ መፍቻ ደብተሩን ከፍቶ ዘረጋላት።

ነርሷ ገጹን አየችና ግራ ገባት። «አባባ፣ ይኸው ይበላል ይላል እኮ» አለች። እሷም ‘በ’ን ጥብቅ አድርጋ። «ማን ነው ይሄን የጻፈው?»

ሚስቱ ከአልጋው ላይ ቀና አለች። «የሆነ ሰው ነው» ልትል ከንፈሯን ስታንቀሳቅስ አየ። አርባ ዓመት አብሯት ኖሯል፤ ልታድነው እንደሆነ ገባው።

«እኔ ነኝ» አለ። «የጻፍኩት እኔ ነኝ። ወፍ ይበላዋል ለማለት ነው። ተሳስቼ ነው።»

ነርሷ ወጥታ ሐኪሙን ጠራችው። ሐኪሙ ሸሚዙን እስከ ክርኑ የጠቀለለ፣ ነገር የሚያሳጥር ሰው ነው። ሥዕሉን አየ። የመምህሯን ስልክ ጠይቆ ደወለላት፣ አበባውንና ቅጠሉን ከደብተሩ እያነበበ ነገራት፣ ለጥቂት ጊዜ «እሺ… እሺ» ሲል ቆየና ዘጋ።

«ቁጥቋጦውን ታውቀዋለች» አለ። «የበሰለው፣ ጥቁሩ፣ ሆድ ያውካል እንጂ ብዙም አያስፈራም ነው የምትለው። አረንጓዴው ነው ክፉ። አረንጓዴ በልተው ከሆነ እዚህ ላደርግልዎት የምችለው ነገር የለም፤ አሁኑኑ ወደ ትልቁ ሆስፒታል መላክ አለብኝ። መኪናችን ደግሞ አንድ ናት፤ ምጥ የጠናባት ሴት እየጠበቀቻት ነው። ስንት ፍሬ በሉ?»

«አምስት፣ ስድስት» አለች ሚስቱ። «ጥቁር ጥቁሩን።»

ጋሽ መፍቻ ሥዕሉን አየ። እሱ ቧንቧ ሠራተኛ ነው፤ ያልተቆጠረ ነገር አይሥልም። ዛሬ ጠዋት ቅርንጫፏን ፊቱ አቁሞ እያንዳንዷን ፍሬ በቦታዋ ነበር ያስቀመጣት፣ ጥቁሮቹን በእርሳስ አጥቁሮ፣ አረንጓዴዎቹን ባዶ ክብ አድርጎ፤ አረንጓዴ እርሳስ አልነበረውማ፣ የወጣውም ያንን ሊገዛ ነው። ከሥር ጽፏል፤ ጥቁር ዐሥራ አራት፣ አረንጓዴ ዘጠኝ።

«ሃያ ሦስት ነበሩ» አለ። «ስድስት ከበላሽ ሳህኑ ላይ ዐሥራ ሰባት ፍሬ መኖር ነበረበት። ሳህኑ ባዶ ነው።»

ሚስቱ ፊቷን ወደ ግድግዳው አዞረች።

«የቀረውን የት አደረግሽው?»

«ጣልኩት… የቀረውን።»

«ስንት ነው የቀረው?»

«እንዴት ልወቅ? ቅርንጫፉን እንዳለ ሸምጥጬ አጠብኩት። ሬዲዮ እየሰማሁ በላሁ። እያንዳንዱን በመነጽር እያየሁ መጉረስ ነበረብኝ?» ድምፅዋ ሰለለ። «ጥሞኝ ነው። ስስታም እንዳትለኝ ነው ስድስት ያልኩት።»

ሐኪሙ ሰዓቱን አየ። «ሴትዮዋን ግማሽ ሰዓት ላቆያት እችላለሁ፣ ከዚያ በላይ አልችልም» አለ። «የተጣለውን ያምጡልኝ። ዘጠኙም አረንጓዴ ከተገኙ እማማ እዚሁ ይቆያሉ። አንድ እንኳ ከጎደለ ሁለቱንም አጣብቄ እልካቸዋለሁ፤ ለወላዷ ግን አደጋ ነው።»

ጋሽ መፍቻ ከጤና ጣቢያው በር ጀምሮ ሮጠ። ከጡረታ ወዲህ ሮጦ አያውቅም። ግራ ጉልበቱ በየእርምጃው ይወጋዋል። መንገድ ላይ አንድ ሰው «ጋሽ መፍቻ፣ የማን ቧንቧ ፈነዳ?» አለው። ሩጫውን ቀጠለ።

ወጥ ቤት ገብቶ የቆሻሻ ባልዲውን ጋዜጣ ላይ ገለበጠው። የሽንኩርት ልጣጭ፣ የእንቁላል ቅርፊት፣ የሻይ ቅጠል። የተሸመጠጠችው ቅርንጫፍ። ተንበርክኮ በጣቱ ይለይ ጀመር። አንድ አረንጓዴ። ሁለት። ሌላ ሦስት በአንድ ላይ፣ ልጣጭ ሥር። ከሻይ ቅጠሉ ውስጥ ሌላ ሁለት። አንድ እንቁላል ቅርፊት ውስጥ። ስምንት።

ጥቁር አንድም የለም። እንደገና ቆጠረ። ስምንት።

ባልዲውን አራገፈው። መጥረጊያውን ጭራ በጭራ ፈተሸ። ጠረጴዛው ሥር በደረቱ ተኝቶ አየ። ስምንት ናቸው። ዘጠነኛዋ ካልተገኘች ሆዷ ውስጥ ናት ማለት ነው። አንዲት ፍሬ ምን ታደርጋለች ብሎ ራሱን ሊያባብል ፈለገ፤ ግን በሥራው ሁሉ አንዲት ጠብታ ምን ታደርጋለች ሲል ሰምቶ የሚቆጣ ሰው ነበር።

ተነሥቶ ላቫንዲኖውን ተደገፈ። ያኔ ነው የተሰበረውን ወንፊት ያየው።

ላቫንዲኖው ቀዳዳ ላይ ያለው ወንፊት ከሦስት ወር በፊት ተሰብሮ፣ ጣት የሚያስገባ ክፍተት አለው። ሚስቱ ቀይርልኝ ብላ አፏ ዝሏል። እሱም ነገ ነገ ሲላት ከርሟል። «አጠብኩት» ነበር ያለችው።

መሣሪያ ሳጥኑን ጎትቶ ላቫንዲኖው ሥር በጀርባው ገባ። ውሃው ወርዶ የሚታጠፍበት ቧንቧ፣ ሲፎኑ፣ ከላይ የወደቀ ነገር ሁሉ የሚያርፍበት ቦታ ነው። ባልዲውን ከሥሩ ደቀነና መፍቻውን የሲፎኑ ማሰሪያ ላይ አስገብቶ ገፋው። ንቅንቅ አላለም።

ያጠበቀው ራሱ ነው። ከዐሥራ አንድ ዓመት በፊት፣ ክንዱ ክንድ በነበረ ጊዜ፣ «ይሄን ከእኔ በቀር የሚፈታው አይኖርም» ብሎ ለሚስቱ ጉራውን እየነዛባት ነበር ያሰረው። አሁን እሱም አልፈታው አለ። እጁ አንሸራተተውና አንጓው ተላጠ። መፍቻውን እንደገና አስገባ። ግድግዳውን በእግሩ ረገጠ፣ ዐይኑን ጨፈነ፣ እስትንፋሱን ያዘ። «ላላ» አለ ለብረቱ፣ በሹክሹክታ፣ ሰው እንደሚለምን። «ላላልኝ።»

ትንሽ ድምፅ ሰማ። ከዚያ ላላ።

ጥቁር ቅባታም ውሃ ባልዲው ውስጥ ዱብ አለ። እጁን ከተተ። አንድ የሻይ ማንኪያ፣ ባለፈው ዓመት የጠፋችው። አንድ የሸሚዝ ቁልፍ። ከቁልፉ ሥር፣ ጣቱ ላይ የምትንከባለል፣ ጠንካራ ክብ ነገር። ወደ ብርሃኑ አወጣት። አረንጓዴ ናት።

ጤና ጣቢያው ግቢ ሲደርስ የመኪናዋ ሞተር ተነሥቷል። ሐኪሙ በሩ ላይ ቆሟል። ጋሽ መፍቻ ፍሬዎቹን የቋጠረበትን መሐረብ ዘረጋ። ሐኪሙ አንዱን ፍሬ ከአንዱ እየለየ ቆጠረ፣ ዘጠኝ ላይ ቆመ፣ እሱ ጋ የቀረውን ደብተር ገልጦ ባዶ ክቦቹን ቆጠረ፣ እንደገና ዘጠኝ ላይ ቆመ። ከዚያ ለሾፌሩ በእጁ ምልክት ሰጠው። መኪናዋ ወላዷን ብቻ ይዛ ወጣች።

«ዐሥራ አራት የበሰለ ፍሬ ነው የበሉት» አለ ሐኪሙ። «እስከ ምሽት እዚሁ አያቸዋለሁ። ይሄን ሥዕል ግን ማን አስተማረዎት?»

«ቧንቧ» አለ ጋሽ መፍቻ።

ሚስቱ ሁለት ጊዜ አስመለሳት፣ ከዚያ ቀለል አላት። ጋሽ መፍቻ አልጋው አጠገብ ባለው ወንበር ላይ፣ ልብሱ በላቫንዲኖ ቅባት ተለውሶ፣ እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ተቀምጧል። ሐኪሙ በየሰዓቱ እየመጣ ዐይኗን ገልጦ ያያል። በሩ በተከፈተ ቁጥር ጋሽ መፍቻ ከወንበሩ ይነሣል፤ ሐኪሙ ሲወጣ ተመልሶ ይቀመጣል። እንዲህ ሲሆኑ ዋሉ።

«የት አገኘሃት፣ ዘጠነኛዋን?» አለችው በመጨረሻ።

«ሲፎኑ ውስጥ። በተሰበረው ወንፊት ገብታ።»

«አየህ፣ ሦስት ወር ሙሉ ቀይረው አላልኩህም?»

«ባልቀይረው አይደል የተገኘችው?»

«ብትቀይረው ኖሮ ወንፊቱ ላይ ቁጭ ብላ ትጠብቅህ ነበር» አለች ዐይኗን ጨፍና። «መንበርከክም የለ፣ እጅ መላጥም የለ።»

ጋሽ መፍቻ አሰበበት። እውነቷን ነው።

«ለነርሷ የሆነ ሰው ነው ልላት ነበር» አለች ቆይታ።

«አይቼሻለሁ።»

«ለምን አላስጨረስከኝም?»

«ሠላሳ ዓመት ሰው የጻፈውን ነው ያነበብሽልኝ» አላት። «የራሴን ጽፌ ሳበቃ፣ የማላውቀው ሰው ነው እንድትዪኝ አልፈልግም።»

እጇን ከብርድ ልብሱ አውጥታ የተላጠ አንጓውን ነካች። ምሽት ላይ ሐኪሙ ለመጨረሻ ጊዜ አይቷት፣ ነገ ተመልሳ እንድትታይ አዝዞ፣ ወደ ቤት አሰናበታቸው።

ቅዳሜ ዕለት ጋሽ መፍቻ ሌሎቹ ሳይመጡ ቀደም ብሎ መግባት ይችል ነበር። አልገባም። ክፍሉ እስኪሞላ በር ላይ ቆሞ ጠበቀ። ከዚያ ኮሌታውን አስተካክሎ፣ በወንበሮቹ መሐል አልፎ፣ የመምህሯ ጠረጴዛ ላይ ደብተሩን ዘረጋ። ዘጠኙ ባዶ ክቦች አረንጓዴ ተቀብተዋል። በላዩ ያለችው ቃል ግን አልተነካችም።

«ባለፈው ያስቀመጥሻትን ነጥብ አጥፍቻት ነበር» አለ፣ የኋላው ወንበር ድረስ በሚሰማ ድምፅ። «ሚስቴ አጥብቃ አንብባ ፍሬውን በላችው። ነጥቧን መልሽልኝ።»

መምህሯ ቀና ብላ አየችው። ጉዳዩን ከሐኪሙ ስልክ ጀምሮ ታውቃለች። «ጋሼ፣ አሁን ነጥብ አያስፈልግም። ፊደሏን ከጨመሩ ይበቃል።»

«ፊደሏን እኔ እጨምራለሁ። ነጥቧ ግን ያንቺ ናት፣ ቦታዋ ላይ ትመለስ።»

መምህሯ እርሳሷን አንሥታ፣ ወረቀቱ የሳሳበት ቦታ ላይ፣ እንዳይቀደድ ተጠንቅቃ ነጥቧን አስቀመጠች። እሱ በተራው ጎንበስ አለና፣ ‘ላ’ና ‘ል’ መሐል፣ ሁለት ቧንቧ መካከል እንደሚገባ ላስቲክ አጣብቆ፣ ‘ዋ’ን አስገባ። ለመጻፍ ብዙ ጊዜ ወሰደበት። ማንም አላጣደፈውም።

ሲጨርስ ጥበቃው ከኋላ ጉሮሮውን ጠረገ። ሁሉም ምን ሊል ነው ብሎ ዞረ።

«ጋሽ መፍቻ፣ እመቤቲቱ እንዴት ናቸው?» አለ ጥበቃው።

«ደኅና ናት» አለ ጋሽ መፍቻ፣ ደብተሩን እየዘጋ። «ወንፊት ግዛ ብላኛለች።»